በሰሜን ተራሮች ባለርስት የነበሩት ቤተ እስራኤል እንዴት ርስት አልባ ሆኑ?

ጥያቄው የቀረበው በእስራኤል አገር ከሚኖሩ አንባቢ ነው። አያታቸው የተወለዱት በሰሜን ተራሮች ውስጥ ሲሆን፣ «አባቶቻችን ነገሥታት ነበሯቸው፤ ተራራውም እርሻውም የእኛ ነበር» እያሉ አሳድገዋቸዋል። እሳቸው ግን ባነበቧቸው ጽሑፎች ሁሉ ቤተ እስራኤል (የኢትዮጵያ አይሁድ) መሬት የሌላቸው ቀጥቃጮች፣ ሸማኔዎችና ሸክላ ሠሪዎች ሆነው ነው የሚያገኟቸው። «እውነቱ የትኛው ነው? ነገሥታት የነበሩት ሕዝብስ በሰው መሬት ላይ ጭሰኛ የሚሆነው እንዴት ነው?» ሲሉ ጠይቀዋል።

ውድ ጠያቂ፣

አያትዎ የነገሩዎትም እርስዎ ያነበቡትም እውነት ነው፤ የሚለያያቸው ዘመን ነው። ቤተ እስራኤል በደምቢያ፣ በወገራ፣ በጸለምትና በሰሜን (በተራሮቹ አገር) የራሳቸው ርስትና የራሳቸው አለቆች የነበሯቸው፣ ሲገፉም ጦር የሚያነሡ ሕዝብ ነበሩ። ከ14ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ አጋማሽ አንሥቶ እስከ 1620ዎቹ ድረስ፣ ሦስት መቶ ዓመት ገደማ በዘለቀ ግጭት፣ አስቀድመው ሰፊውን የእርሻ አገር፣ በመጨረሻም ተራራውን ተነጠቁ። የእጅ ሙያው ቀድሞም በመካከላቸው የነበረ ሊሆን ይችላል፤ ዋና መተዳደሪያ ሆኖ የመላው ማኅበረሰብ መለያ እስከመሆን የደረሰው ግን መሬቱ ከእጃቸው ስለወጣ ነው። ስለዚህ በእኔ አስተያየት የሰሜኑን ጦርነት የሃይማኖት ጦርነት ብቻ አድርጎ ማየት ታሪኩን ያጎድለዋል። ሃይማኖቱ መለያያው ነበር፤ የተያዘው ሙግት ግን «ማን ያርሳል፣ ማን ይገብራል፣ ለማንስ ይገበራል?» የሚል ነበር። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ የኢትዮጵያን ዘመን ስጠቅስ ለይቼ እናገራለሁ።

ወደ ዝርዝሩ ከመግባታችን በፊት ስለ ማስረጃው አንድ ነገር ልብ እንዲሉልኝ እፈልጋለሁ። ስለዚህ ዘመን የተረፈልን ጽሑፍ በአብዛኛው ያሸነፈው ወገን የጻፈው ነው፤ በግእዝ የተጻፉ የነገሥታት ዜና መዋዕሎችና የቅዱሳን ገድሎች ናቸው። ጸሐፊዎቹ የቤተ መንግሥት ወይም የገዳም ሰዎች ስለነበሩ ቤተ እስራኤልን የሚያነሡት እንደ ዐመፀኛ፣ እንደ ከሃዲ አድርገው ነው። ይሁን እንጂ እነዚሁ ጸሐፊዎች በየመካከሉ የጠላታቸውን ጽናት ሳይሸሽጉ መዝግበዋል፤ ጠላት የሰጠው ምስክርነት ደግሞ ለታሪክ ተመራማሪ ክብደቱ ትልቅ ነው። ከዚህ ጎን የቤተ እስራኤል መነኮሳትና ሽማግሌዎች በቃል ያቆዩት ትውፊት አለ። የአያትዎ ቃልም የዚያ ትውፊት አካል ነው።

በጽሑፍ ከምናገኛቸው ቀደምት ምስክርነቶች አንዱ በዐፄ ዓምደ ጽዮን ዘመን የተመዘገበው ነው። ንጉሡ በ1332 ከሙስሊም ሱልጣኔቶች ጋር በሚዋጉበት ጊዜ የቤጌምድሩን ገዥ ጸጋ ክርስቶስን በሰሜን፣ በወገራ፣ በጸለምትና በጸገዴ በሚኖሩ፣ «አይሁድን በሚመስሉ» ሰዎች ላይ እንደላኩት ዜና መዋዕላቸው ይናገራል። ከዚህ የምንረዳው ማኅበረሰቡ በዚያን ጊዜ በተራራው ብቻ የተወሰነ እንዳልነበረ ነው። ወገራ ገብስና ስንዴ የሚበቅልበት፣ ከብት የሚረባበት ሰፊ ደጋ ነው፤ በኋላ ዘመን ስማቸው ሲነሣ የምናገኘው ደምቢያም ከጣና ሰሜን የተዘረጋ ለም ሜዳ ነው። ቤተ እስራኤል ከጥንት ጀምሮ ገደል ላይ የተንጠለጠሉ የተራራ ሰዎች ብቻ ነበሩ የሚለው አስተሳሰብ ስለዚህ ትክክል አይደለም። ተራራው ከሌላው ስፍራ ሲገፉ የቀረላቸው መጠጊያ ነበር።

የገፋቸውን ነገር ለመረዳት የዘመኑን የመሬት ሥሪት ማወቅ ያስፈልጋል። ርስት ማለት አንድ ሰው አገሩን ካቀና የጋራ አባት በመወለዱ የሚያገኘው የማረስና ለልጅ የማውረስ መብት ነው። ጉልት ደግሞ ንጉሡ ለጦር አለቃ፣ ለመኳንንት ወይም ለቤተ ክርስቲያን የሚሰጠው፣ ከአራሹ ግብር የመሰብሰብ መብት ነው። በተለመደው አኳኋን ሁለቱ በአንድ መሬት ላይ አብረው ይኖራሉ፤ ባለርስቱ ያርሳል፣ ባለጉልቱ ግብር ይቀበላል። ነገር ግን የማዕከላዊው መንግሥት ጦር አዲስ አገር ሲያስገብር፣ ወታደር ሲያሰፍርና ቤተ ክርስቲያን ሲተክል፣ ከነባሩ ሕዝብ የሚፈለገው ግብር ብቻ ሳይሆን ጥምቀትም ሆነ። ያልተጠመቀ ሰው በርስት ሙግት ላይ የሚቆምበት መሠረት አጣ።

ይህ በግልጽ የታወጀው በዐፄ ይስሐቅ ዘመን፣ ከ1414 እስከ 1430 ባሉት ዓመታት ውስጥ እንደሆነ ይነገራል። በኋላ ዘመን በተጠናቀረ ዜና መዋዕል የተቀመጠው አዋጅ ባጭሩ፣ በክርስትና የተጠመቀ የአባቱን ርስት ይውረስ፣ ያልተጠመቀ ግን ፈላሲ (አገር አልባ ስደተኛ) ይሁን የሚል ነው። ጽሑፉ ከድርጊቱ በኋላ የተጠናቀረ ስለሆነ ቃል በቃል በዚያው ቀን የታወጀ ነው ብዬ አልከራከርም። ይዘቱ ግን ከዚያ ወዲህ በተጨባጭ ከምናየው ሁኔታ ጋር ይስማማል። በወገራ ድል የተደረገው ሕዝብ ፊት ሦስት መንገድ ነበረ፤ ተጠምቆ ርስቱን ማስጠበቅ፣ ሃይማኖቱን ይዞ በሰው መሬት ላይ መገበር፣ ወይም ወደ ተራራው መውጣት። ሦስቱንም የመረጡ ነበሩ። ይህን ያነሣሁት በከንቱ አይደለም፤ በወገራና በደምቢያ ዛሬ ከሚኖሩት ክርስቲያን ገበሬዎች መካከል ቅድመ አያቶቻቸው ርስታቸውን ለማዳን የተጠመቁ ቤተ እስራኤል የነበሩ ጥቂቶች አይደሉም ብዬ አምናለሁ። የሰሜኑ ተፋላሚና የወገራው ተጠማቂ ብዙ ጊዜ ዘመዳሞች ነበሩ።

በዚያው ዘመን አካባቢ መጠጊያው የመሣሪያ ብቻ ሳይሆን የመንፈስም ሆነ። በዐፄ ዳዊት ዘመን ቆዝሞስ የተባለ ከገዳሙ የወጣ መነኩሴ ከሰሜን ሰዎች ጋር ተቀላቅሎ ኦሪትን ጽፎ እንደሰጣቸው፣ በኋላም አስከትሏቸው እስከ እንፍራዝ ወርዶ እንደተዋጋና እንደተገደለ የአባ ያፍቅረነ እግዚእ ገድል ይተርካል። በቤተ እስራኤል ትውፊት ደግሞ በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የነበሩት አባ ሰብራ የምንኩስናው ሥርዓት መሥራች ናቸው፤ የዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ልጅ እንደነበሩ የሚነገርላቸው ጸጋ አምላክም ደቀ መዝሙራቸው ሆነዋል። መሬት ሲጠፋ ሕዝብ ይበተናል፤ መነኮሳቱ ግን ጸሎቱን፣ የንጽሕናውን ሕግና የበዓላቱን ቀመር ጠብቀው የተበተነውን አንድ አድርገው አቆዩት። ይህን ካላስተዋልን በኋላ ዘመን ርስትም ነገሥታትም ከጠፉ ወዲያ ማኅበረሰቡ ለምን እንዳልጠፋ ማስረዳት አንችልም።

የ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የኢማም አሕመድ ግራኝ ጦርነት ሰሜንንም አዳርሷል። የኢማሙን ዘመቻ የጻፈው የመናዊ ጸሐፊ፣ በሰሜን ያሉት አይሁድ በባሕር አምባ ሰዎች ለዓመታት ተገዝተው ስለነበር በመጀመሪያ ወደ ኢማሙ ወገን እንዳዘነበሉ ይናገራል። በ1542 ግን በፖርቱጋላዊው ክሪስቶፈር ዳ ጋማ የሚመራው ጦር አንድ የሰሜን አምባ ከኢማሙ ሰዎች እጅ ሲያስለቅቅ መንገዱን የመራውና ምክር የሰጠው ከዚያው አምባ የተባረረ አንድ አይሁዳዊ አለቃ ነበር። አንዳንድ ጸሐፊዎች ይህን እንደ ወላዋይነት ያነሡታል፤ እኔ ግን ያ አለቃ ከሁለት ኃያላን መካከል ሆኖ አምባውን ለማስመለስ የሚችለውን እንዳደረገ ነው የምረዳው።

አሁን ወደ አያትዎ ተራራ እንድረስ። የሰሜን ተራሮች በራስ ደጀን ከ4 ሺህ 500 ሜትር በላይ ከፍ ይላሉ፤ በሰሜን በኩል ያለው ገደል በአንዳንድ ቦታ 1 ሺህ 500 ሜትር ያህል ወደ ቆላው ይወርዳል። በዚህ ምድር አምባ ማለት ጎኖቹ በገደል የተከበቡ፣ አናቱ ጠፍጣፋ የሆነ ተራራ ነው፤ የሚወጣበት መንገድ አንድ ወይም ሁለት ብቻ ነው፤ በነጠላ ሰልፍ እንጂ በጦር ሰልፍ አይታለፍም። ምንጭ ያለበት፣ ገብስ የሚዘራበትና ጎተራ የሚቆምበት አምባ ከሆነ ጥቂት ሰዎች ትልቅ ሠራዊት ሊያቆሙበት ይችላሉ። መንገዱ ከላይ በድንጋይ ይዘጋል፤ የሚወጣው ጦር ላይ ቋጥኝ ይለቀቅበታል። ነገር ግን አምባ የሚያድነው እህሉ እስካለ ድረስ ነው። የሰሜን ደጋ ውርጭ የሚመታው፣ ከገብስ በቀር ብዙ እህል የማያበቅል አገር ነው። በአምባው ላይ ያለው እርሻ ጠባብ ስለሆነ ተከላካዮቹ ከአምባው ሥር ካለው መሬት፣ ከወገራም ጭምር ካልተቀለቡ በስተቀር ከአንድ ሁለት የመከር ወቅት በላይ መቆየት አይችሉም። በወገራ የጠፋው ርስት ዋጋው የታወቀው እዚህ ላይ ነው።

ዐፄ ሠርጸ ድንግል በ1578 መጨረሻ በትግራይ የዘመቱበትን የቱርክ ጦርና ከቱርኮች ጋር ያበረውን የባሕር ጠረፉን ገዥ ባሕር ነጋሽ ይስሐቅን ድል ካደረጉ በኋላ ፊታቸውን ያዞሩት በሰሜኑ ገዥ በራዳይ ላይ ነበር። ለምን በዚያን ጊዜ? ዜና መዋዕሉ ምክንያቱ ዐመፅ እንደሆነ ይገልጻል። ከበስተጀርባው ግን ሌላ ነገር ይታያል። በደቡብ የኦሮሞ መስፋፋት የነገሥታቱን መቀመጫ ከሸዋ እያራቀ ወደ ጣና አካባቢ እያመጣው ነበር፤ በእንፍራዝ ያለው የጉዛራ ግንብም በተለምዶ የሠርጸ ድንግል ነው ይባላል። ሰሜን ከዚያ በፊት ለቤተ መንግሥቱ ሩቅ ጠረፍ ነበር፤ አሁን ጎረቤት ሆነ። ከዚህም በላይ ከጣና ወደ ምጽዋ የሚሄደው የሲራራ መንገድ በሊማሊሞ መተላለፊያ በኩል ወደ ተከዜ ይወርድ ነበርና ሰሜንን የያዘ ሰው የመንገዱን አንገት ያዘ ማለት ነው። ንጉሠ ነገሥቱ በዚያ መንገድ ራስ ላይ ራሱን የቻለ ባላባት እንዲቀመጥ ሊፈቅዱ አልፈለጉም።

የዚህ ዘመቻ ዘገባ በግእዝ ታሪክ ጽሑፍ ውስጥ ከማውቃቸው ሁሉ ልብ የሚነካ ነው። ጸሐፊው ራዳይ የአገሩን ተራሮች በእስራኤል ምድር ተራሮች ስም፣ አንዱን ሲና፣ አንዱን ታቦር ብሎ መሰየሙን በቁጣ ይጠቅሳል። ለእሱ ይህ ድፍረት ነበር። ለራዳይ ሰዎች ግን ተራራው ርስታቸው መሆኑን የሚያጸኑበት መንገድ እንደነበረ አልጠራጠርም፤ ሰው የራሱ ያልሆነውን ተራራ በእምነቱ ስም አይጠራም። የንጉሡ ጦር ሲቀርብ ተከላካዮቹ ዘማቹ ስንቅ እንዳያገኝ የራሳቸውን አዝመራ አቃጠሉ። ንጉሡም ከቱርኮች የተማረኩ መድፎችን በእነዚያ ገደላማ መንገዶች አስጎትተው አምባዎቹን ማስደብደብ ጀመሩ። መድፉ ያስደነግጥ ነበር፤ ራዳይን በመጨረሻ እጁን እንዲሰጥ ያደረገው ግን እንደ እኔ ግምት ረኃቡ ነው። አዝመራው ተቃጥሏል፣ ከታች ያለው አገር በወታደር ተይዟል፣ ጎተራው አልቋል። ራዳይ በደቡብ ወዳለው ወጅ በግዞት ተላከ።

ከዚያው ጦርነት አንድ ክስተት ተመዝግቧል። አንዲት የተማረከች ሴት እጇ ከማራኪዋ እጅ ጋር ታስሮ በገደል አፋፍ ላይ ትመራ ነበር። ከአፋፉ ስትደርስ «አዶናይ ርድአኒ» (ጌታ ሆይ፣ እርዳኝ) ብላ ጮኻ ራሷን ወደ ገደሉ ወረወረች፤ የታሰረባትን ወታደርም ይዛው ሄደች። የንጉሡ ጸሐፊ በዚህች ሴት ልበ ሙሉነት መደነቁን አልደበቀም፤ እንደ እሷ ያደረጉ ሌሎችም ብዙ እንደነበሩ ጨምሮ ጽፏል። ስሟን አላቆየልንም። ማኅበረሰቡን «ከሃዲ» እያለ በሚጽፍ ሰው ብዕር ይህን ማንበብ በእነዚያ አምባዎች ላይ የነበሩት ሰዎች ስለምን ይዋጉ እንደነበር ከማንኛውም ማብራሪያ በላይ ያሳያል። በምርኮ የሚጠብቃቸው ባርነት እንደሆነ ያውቁ ነበር።

ከጥቂት ዓመታት በኋላ፣ በ1580ዎቹ ማብቂያ ላይ፣ ጉሸን የተባለው መሪ እንደገና ተነሣ። ዮናኤል በተባለ የጦር አለቃ የተመራው የንጉሡ ሠራዊት በወርቅ አምባ ከበበው። መውጫ ሲጠፋ ጉሸንና ብዙ ተከታዮቹ ከመማረክ ሞትን መርጠው ራሳቸውን ወደ ገደል ጣሉ።

የመጨረሻው ትልቅ መሪ ጌዴዎን ነው። የእሱ ታሪክ ቤተ እስራኤል ከአገሪቱ ፖለቲካ ተነጥለው የኖሩ ሕዝብ አለመሆናቸውን በደንብ ያሳያል። ዐፄ ሱስንዮስ በ1607 በትረ መንግሥቱን ሲይዙ ተቀናቃኞቻቸው ብዙ ነበሩ፤ ከእነርሱም አንዱ ከሱስንዮስ በፊት የነገሠው ንጉሥ ያዕቆብ ነኝ እያለ በሰሜን የተነሣ አምዶ የሚባል ሰው ነበር። ጌዴዎን ለዚህ ሰው መጠጊያ ሰጠው። ይህ ስሌት ያለበት ውሳኔ ነበር፤ በጣና ዙሪያ የተጠናከረ አንድ ንጉሥ ሲነግሥ የሰሜን ነጻነት እንደሚያበቃ፣ ዙፋኑ ሲከፋፈል ግን ተራራው እንደሚተነፍስ ጌዴዎን ያውቅ ነበር። ሱስንዮስ አምባዎቹን አንድ በአንድ ከያዙ በኋላ ሰገነት በተባለው አምባ ጌዴዎንን ከበቡት፤ በመጨረሻም አምዶን አሳልፎ በመስጠት ዕርቅ ሆነ። በዚያው ዘመቻ በቆላውና በሜዳው የነበሩት ቤተ እስራኤል እንዲገደሉ፣ የተጠመቁት ብቻ እንዲተርፉ ታዘዘ። በደምቢያ ብዙዎች ፈርተው ተጠመቁ፤ እንደ ዜና መዋዕሉ አዲሶቹ ክርስቲያኖች በሰንበት ቀን እንዲያርሱ ተገደዋል። በቅዳሜ ጧት በሬ ጠምዶ ወደ እርሻ መውጣት ለነዚያ ሰዎች ምን ማለት እንደነበር ለእርስዎ ማስረዳት አያስፈልገኝም። የትእዛዙ ዓላማም ይህ ነበር፤ የእርሻው ባለቤትነትና የሃይማኖቱ መተው በአንድ ማረሻ እንዲታሰሩ ነው። ጌዴዎን ራሱ በ1620ዎቹ አጋማሽ ሌላ ተቀናቃኝ ደግፎ ሲዋጋ ተገደለ። ከዚያ ወዲህ በሰሜን ራሱን የቻለ የቤተ እስራኤል ገዥ አላየንም።

እዚህ ላይ «ነገሥታት» የሚለውን የአያትዎን ቃል ልመዝነው። በተመራማሪዎች መካከል ልዩነት አለ፤ አንዳንዶቹ ከ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በፊት መላውን ሕዝብ ያቀፈ አንድ መንግሥት ለመኖሩ ማስረጃው አያበቃም ይላሉ። እኔም ወደዚህ አደላለሁ። ከራዳይ እስከ ጌዴዎን ያለው ዘመን ግን የተለየ ነው። ሥልጣን ከወንድም ወደ ወንድም በአንድ ቤተሰብ ውስጥ ይተላለፍ ነበር፤ መሪዎቹ ጦር ያዘምቱ፣ ግብር ይቀበሉ፣ ከንጉሠ ነገሥቱም ጋር ስለ ጦርነትና ዕርቅ ይደራደሩ ነበር። ይህ በማንኛውም መለኪያ መስፍንነት ነው፤ ሕዝቡ ንጉሥ ቢለው አልተሳሳተም። በ1770 አካባቢ ጎንደር የደረሰው ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስም የሰሜኑ ንጉሣዊ ቤተሰብ ዝርያ ገና ሲነገርለት እንደሰማ ጽፏል። ይሁንና በ10ኛው መቶ ክፍለ ዘመን አክሱምን አጠፋች ከምትባለው ዮዲት ጋር የሚደረገውን ማያያዝ እንዲጠነቀቁበት እመክራለሁ፤ ያንን የሚያረጋግጥ የዘመኑ ማስረጃ የለም።

ከጌዴዎን ሞት በኋላ የሆነው ደግሞ ያነበቧቸውን ጽሑፎች ያብራራል። በ1630ዎቹ ጎንደር የነገሥታት መቀመጫ ስትሆን ግንብ የሚገነባ፣ እንጨት የሚጠርብ፣ ብረት የሚያቀልጥ ሰው በብዛት ተፈለገ፤ ርስት የሌለው፣ ሙያ ያለው፣ ለከተማዋም ቅርብ የሆነው ሕዝብ ቤተ እስራኤል ነበር። በፋሲለደስና በተከታዮቻቸው ዘመን ከመካከላቸው በግንበኝነትና በአናጢነት የታወቁ፣ እንደ አዛዥና ባጅሮንድ ያለ ማዕረግ ያገኙ፣ ለአገልግሎታቸውም መሬት የተሰጣቸው ነበሩ። ስለዚህ የጎንደር ዘመን ለሁሉም የውርደት ዘመን አልነበረም። ችግሩ ያ መሬት የንጉሥ ስጦታ እንጂ ከአባት የወረደ ርስት አለመሆኑ ነው፤ ከ1769 ወዲህ በመጣው ዘመነ መሳፍንት የነገሥታቱ ኃይል ሲወድቅ ስጦታው፣ ማዕረጉና ሥራው አብረው ወደቁ።

ከዚያ በኋላ የነበረው ኑሮ አያትዎ የሚያውቁት ኑሮ ነው። ወንዱ ማረሻና ማጭድ ይቀጠቅጣል፣ ሸማ ይሠራል፤ ሴቷ ምጣድ፣ ጀበናና ገንቦ ትሠራለች፤ ቤተሰቡ ለባለርስቱ እኩል ወይም ሲሶ እየከፈለ ያርሳል። ገበሬው ያለ ቀጥቃጩ ማረስ አይችልም ነበር፤ ሆኖም ቀጥቃጩን በቡዳነት ይጠረጥረው፣ ከማዕዱ ያርቀው ነበር። ይህ ክፉ እምነት ሰዎችን ለድብደባና ለሞት ሲዳርግ ኖሯል፤ ከመሬት ማጣቱም ተነጥሎ የሚታይ አይደለም። ርስት ያለው ሰው በአገሩ ሸንጎ ላይ ተቀምጦ ይሟገታል፤ ርስት የሌለው ሰው ስለ ራሱ የሚናገርበት መቀመጫ የለውም። በ1862 አባ ማኅሪ የተባሉት መነኩሴ ብዙ ሰው አስከትለው በእግር ወደ ኢየሩሳሌም መነሣታቸው፣ ከተከታዮቻቸውም ብዙዎቹ በትግራይ በበሽታና በረኃብ ማለቃቸው የዚህ ኑሮ ምሬት ውጤት ነው። ከ1888 እስከ 1892 የቆየው ክፉ ቀን ደግሞ ከብቱን ጨርሶ ብዙ መንደር ባዶ አደረገ።

መሬቱ በሕግ የተመለሰው በአዋጅ ቁጥር 31፣ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት ሲሆን ነው። ጭሰኝነት ተሻረ፤ ቤተ እስራኤልም እንደ ማንኛውም ገበሬ እስከ 10 ሔክታር በሚደርስ ወሰን ውስጥ የሚያርሱት መሬት ድርሻ እንዲያገኙ መብት ተሰጣቸው። ከይስሐቅ አዋጅ በኋላ ከአምስት መቶ ዓመት በላይ አልፎ ነበር። ነገር ግን መሬታቸው የተወሰደባቸው የጎንደር ባላባቶች በኢዲዩ (በኢትዮጵያ ዴሞክራሲያዊ ኅብረት) ሥር ጦር ሲያነሡ ከመጀመሪያዎቹ ተጠቂዎች መካከል መሬት ያገኙት የቤተ እስራኤል መንደሮች ነበሩ። ቀጥሎ የእርስ በርስ ጦርነቱ፣ ድርቁና የእስራኤል መንገድ መከፈት ተደራረቡ። ብዙዎች የተሰጣቸውን መሬት ትተው በእግር ወደ ሱዳን ወጡ፤ ከኅዳር 1984 እስከ ጥር 1985 በዘመቻ ሙሴ 8 ሺህ የሚጠጋ ሕዝብ ከዚያ በአውሮፕላን ወደ እስራኤል ሲሻገር፣ በመንገድና በስደተኛ ካምፖች 4 ሺህ ገደማ ሞተዋል። በግንቦት 1991 በዘመቻ ሰሎሞን ደግሞ ከ14 ሺህ በላይ ሰው በ36 ሰዓት ውስጥ ተጓጓዘ። በሰሜን ተራሮች ውስጥ ሰሜን መናታ የተባለችው መንደር የመነኮሳት መኖሪያና የጸሎት ስፍራ ሆና ከቆዩት የመጨረሻዎቹ ናት።

የአያትዎን ቃል ከዚህ ታሪክ ጋር ለማገናኘት ከፈለጉ፣ እሳቸው ወይም እኩዮቻቸው በሕይወት እያሉ ሊያደርጉት የሚችሉት ነገር አለ። «ንጉሣችን ማን ነበር?» ብለው ብቻ አይጠይቁ፤ የነገሥታቱን ስም መጻሕፍቱም ይዘውታል። ይልቁንም መንደሩ ከየትኛው አምባ ሥር እንደነበረ፣ እርሻው የማን ርስት እንደነበረ፣ እኩል ይከፈል እንደሆነ ወይም ሲሶ፣ ግብሩ ለየትኛው ባላባት ወይም ደብር ይገባ እንደነበረ፣ የተጠመቁ ዘመዶች በየትኛው መንደር እንደሚኖሩ፣ በቤተሰቡ ውስጥ «ይህ ማሳ ድሮ የእኛ ነበር» ተብሎ በስም የሚጠራ መሬት እንዳለ ይጠይቁና ድምፃቸውን ይቅረጹ። የወንዙን፣ የማሳውንና የገደሉን ስም ሳይታክቱ ይመዝግቡ። በዜና መዋዕሎቹ የተጠቀሱት ብዙዎቹ አምባዎች በትክክል የት እንደሆኑ ገና አልተለየም፤ አንዲት ከሰሜን የመጡ አረጋዊት የሚያስታውሱት የአንድ ማሳ ስም ለዚህ ሥራ ከብዙ መጻሕፍት በላይ ሊጠቅም ይችላል። የቀረጹትን ቢልኩልኝ ከዜና መዋዕሎቹ ጋር አስተያይቼ የማገኘውን እጽፍልዎታለሁ።